ለቀብር የማይቀር ባል

ያልጠረጠረ ተመነጠረ ይላሉ። እኔ ሳልጠረጥር የዋልኩበት ቀን ትዝ አይለኝም። ጨርቅ ስገዛ ሜትሩን ራሴ ካልለካሁ አልወስድም። ቤት አከራዬ «እንደምን አደርሽ» ካለችኝ፣ ዛሬ ደግሞ ስንት ልትጨምርብኝ ነው እላለሁ። ባሌ በዚህ ጠባዬ ይስቅብኝ ነበር። «አንቺ እኮ ቄሱ ሲቀድሱ እንኳ ከመሃል ዘለሉ ብለሽ ትጠረጥሪያለሽ» ይለኝ ነበር። ይኸው የሳቀብኝ ሰውዬ አንድ የሐምሌ ጠዋት ለመስክ ሥራ ብሎ ከእንጅባራ ወጣ፣ ጫግኒ መናኸሪያ ከአውቶቡስ ሲወርድ ታየ፣ ከዚያ ወዲያ ያየው የለም።

ባሌ የእንስሳት ጤና ባለሙያ ነበር። አሥራ አራት ዓመት በመንግሥት ሥራ። ወደ ቆላው ወርዶ ከብት ይከትባል፣ በሳምንቱ በአሥር ቀኑ ጭቃ ለብሶ ይመለሳል። የዚያን ቀን ግን ነገሩ አላማረኝም። ከብት ሊከትብ የሚሄድ ሰው አዲሱን የቆዳ ጫማ ምን ያስጠልቀዋል? የጭቃ ቦቲው በር ሥር ቁጭ ብሎ ቀረ። ጠየቅሁት እንጂ፣ እኔ መቼ ዝም እላለሁ። «ቦቲው ውሃ ያስገባል» አለኝ። ከሄደ በኋላ ቦቲውን ውሃ ሞልቼ አንጠለጠልኩት። ጠብ አላለም።

አንድ ወር ሞላ። መሥሪያ ቤቱ «በአሥር ቀን ውስጥ ቀርበው ሪፖርት ካላደረጉ» የሚል ማስታወቂያ ደጋግሞ ለጠፈና ከሥራ አሰናበተው። ፖሊስ ወንዝ ለወንዝ ፈልጎ «ሞልቶ ነበር፣ ሳይወስደው አይቀርም» አለኝ። ወንዝ ቢወስደው ቦርሳው የት ገባ? አዲሱ ጫማ የት ገባ? ሰው ደግሞ አያርፍም። አንዱ «ጫግኒ ከአንዲት ቀይ ሴት ጋር አየሁት» ይላል፣ ሌላው «ወርቅ ቁፋሮ ገብቷል» ይላል። እኔ ቀይዋን ሴት አመንኩ። እሳት ሳይኖር ጭስ አይታይም። ጥቁር ሳልለብስ፣ እርሜን ሳላወጣ፣ እየሰደብኩት አራት ዓመት ኖርኩ። የስፌት መኪናዬን ስረግጥ እሰድበዋለሁ። የልጆቼ ደብተር ሲያልቅ እሰድበዋለሁ። ዝናብ ሲያፈስብኝ፣ መብራት ሲጠፋብኝ፣ ክር ሲበጠስብኝ ሁሉ እሱ ነው ጥፋተኛው። ጎረቤቶቼ ስለለመዱት ሬዲዮ የተከፈተ ያህል እንኳ ዞር ብለው አያዩኝም ነበር።

በአራተኛው ዓመት አንድ የድሮ ባልደረባው ገበያ መሃል አቆመኝ።

«ለመሆኑ ጡረታውን አስከብረሻል?» አለኝ።

«የምን ጡረታ?»

«ከአሥር ዓመት በላይ ያገለገለ ሰው ሲሞት ለሚስቱና ለልጆቹ ይተላለፋል እኮ። ከጠፋም ፍርድ ቤት ጠፍቷል ብሎ ይወስንልሻል።»

ራሱን ሰውዬውን ጠረጠርኩት። አራት ዓመት አፉን ዘግቶ ኖሮ ዛሬ ምን ቆርጦት ነው የሚያዝንልኝ? ግን ቸገረኝ። የቤት ኪራይ ሁለት ወር አልፎኛል። አከራዬ ደግሞ ልጄን ማየት ጀምራለች። «ትልቋን ባሕር ዳር እህቴ ጋ ልላካት፣ ሕፃን ትይዝላታለች፣ አንቺም ሸክም ይቀልልሻል» ትለኛለች። ልጄ አሥራ ሦስት ዓመቷ ነበር፣ ከክፍሏ ሁለተኛ የወጣች። ኪራዩን ካልከፈልኩ ወይ ከነልጆቼ ሜዳ ላይ እወድቃለሁ፣ ወይ ልጄን ለሞግዚትነት አሳልፌ እሰጣለሁ። ጡረታው ካልመጣ ልጄ ትሄዳለች፤ ነገሩ ይኸው ነው፣ ሌላ የለውም።

የመሥሪያ ቤቱ የሰው ኃይል ክፍል ሄድኩ። ልጅ እግር ሰነድ ያዥ የባሌን ፋይል አወጣና አቧራውን ወደ እኔ እፍ አለው።

«ባለቤትሽ ሞቷል ወይስ ጠፍቷል?»

«እሱን ልጠይቅህ ነው የመጣሁት» አልኩት።

«ከሞተ የሞት ማስረጃ ታመጫለሽ። ከጠፋ የፍርድ ቤት ውሳኔ ታመጫለሽ። ኮብልሎ ከሆነ ግን...» አለና ፈገግ አለ። «ለእሱ እንኳ ቅጽ የለንም።»

ያ ፈገግታ ምንድን ነው? ይህ ልጅ የሚያውቀው ነገር አለ ብዬ ከንፈሩን ከንፈሩን አየሁት። ምንም አልወጣውም። ፋይሉን ዘግቶ ወደ ፍርድ ቤት ጠቆመኝ።

ፍርድ ቤቱ በር ላይ ጃንጥላ ሥር የሚቀመጡ ማመልከቻ ጸሐፊ አሉ። እሳቸው ሲጽፉ እኔ ራስ ራሳቸው ላይ ቆሜ እያንዳንዱን ቃል አነብባለሁ። «ባለቤቴ በሕይወት ስለመኖሩ ምንም ወሬ ስለሌለኝ» የሚለው ጋ ሲደርሱ ልቤ ደነገጠ። እንዴት የለኝም? ባሌ ቀይዋ ሴት ቤት እግሩን ዘርግቶ ጠላ እንደሚጠጣ እርግጠኛ ነኝ። ታዲያ ከእሱ ከራሱ አፍ የሰማሁት የለም፣ የመንገድ ወሬ ደግሞ ወሬ አይባልም ብዬ ራሴን አታለልኩና ፈረምኩ። መሐላ ፈጽሚ ሲሉኝም ማልኩ። ልጄን እያሰብኩ ነው የማልኩት።

ዳኛው ለቀበሌው፣ ለመሥሪያ ቤቱና ለእድሩ ደብዳቤ ይጻፍ ብለው አዘዙ፤ ስለ ሰውዬው መዝገባቸው የሚለውን በጽሑፍ እንዲልኩ። እድሩ የእንጅባራው እንዳይመስላችሁ። ባሌ የተመዘገበው በትውልድ መንደሩ እድር ነው፣ ከዳንግላ ወጣ ብሎ አባቱ ያሉበት። እዚህ ቤት ተከራይተን ስንኖር እንኳ «የሚቀብረኝ ያገሬ ሰው ነው» ብሎ ከዚያ አልወጣም። እኔ እዚያ ከሠርጋችን ወዲህ የሄድኩበት ጊዜ በጣት ይቆጠራል።

አማቴን ምስክር እንዲሆኑኝ ልለምናቸው ሄድኩ። አማቴ ረጅም፣ ዝምተኛ ባላገር ናቸው። ቋንቋቸው አገውኛ ነው፤ አማርኛውን ለኔ ሲሉ ነው የሚያወጡት። ሚስታቸው ከሞቱ ቆይተዋል፣ ባሌም አንድ ልጃቸው ነው። ስደርስ ደጃፍ ላይ ከእድሩ ጸሐፊ ጋር በአገውኛ ያወጋሉ። እኔን ሲያዩ ሁለቱም ጸጥ። ጆሮዬ ቆመ። እኔ አገውኛ አልሰማም፣ ሰው ፊቴ በማልሰማው ቋንቋ ሲያወራ ደግሞ ሐሜቱ ስለኔ ይመስለኛል። ጸሐፊው ጋቢውን ሰብስቦ «በሬ ጠምጄ ትቼ ነው የመጣሁት» ብሎ ተነሣ። የምን በሬ? እሑድ ነበር!

«አባባ፣ ፍርድ ቤት ቀርበው እንዲመሰክሩልኝ ነው የመጣሁት» አልኳቸው።

«ምን ብዬ ልመስክር?»

«ልጄ ጠፍቷል ብለው ነዋ።»

ከዘራቸውን አዩ፣ ጓሯቸውን አዩ። «እስቲ ይቆይ፣ ልጄ» አሉ።

«አራት ዓመት ቆየ እኮ!»

«ይቆይ» አሉኝ ደግመው፣ ለልጆቼም አንድ ኩንታል ድንች አሸክመው ሸኙኝ።

ልጁ የጠፋበት አባት ይቆይ ይላል? ድንቹስ ምንድን ነው፣ የአፍ ማስያዣ ነው? ጎረቤት ጎራ ብዬ ስለ ባሌ ባነሣ ሴቲቱ «ቤት ውስጥ ሕፃን አለቀሰ» ብላ ገባች። ሕፃን ሲያለቅስ አልሰማሁም። መንደሩ በሙሉ አንድ ነገር ያውቃል፣ እኔ ብቻ ነኝ የማላውቀው። ወደ እንጅባራ ስመለስ ሚኒባሱ አዲስ ቅዳም ከተማ ሲደርስ ነገሩ ተገለጠልኝ። ይደብቁታል! ባሌ እዚህ ይመጣል፣ ይሄዳል፣ አባትየው ያውቃሉ። ደም አይደለ! እኔ ማን ነኝ፣ የሰው ልጅ።

የቀጠሮው ቀን ደረሰ። የቀበሌው ደብዳቤ ተነበበ፤ ግለሰቡ ከቤታቸው ከወጡ አራት ዓመት ሆኗቸዋል ይላል። የመሥሪያ ቤቱ ተነበበ። ከዚያ የእድሩ መጣ፣ ከደብተር የተገነጠለ ወረቀት ላይ በሰማያዊ እስክሪብቶ የተጻፈ፣ ማኅተም ያረፈበት።

«የተጠቀሱት ግለሰብ የእድራችን አባል ሲሆኑ፣ በስም መጥሪያ መዝገባችን መሠረት ባለፉት አራት ዓመታት ከአንድም ቀብር ያልቀሩ መሆኑን እንገልጻለን።»

ከኋላ አንዱ ሳቁን መዋጥ አቅቶት አስነጠሰው። ዳኛው መነጽራቸውን አውልቀው አዩኝ።

«አመልካች፣ ባለቤትሽ ለቀብር ይመጣል ይላል እኮ።»

«እኔ አላውቅም፣ ክቡር ፍርድ ቤት።»

«በሕይወት ያለን ሰው ጠፋ ብሎ በሐሰት መማል እንደሚያስከስስ ታውቂያለሽ?»

ዳኛው የእድሩ ጸሐፊ መዝገቡን ይዞ በሚቀጥለው ወር እንዲቀርብ አዘዙና ፋይሉን ዘጉት። ከችሎት ስወጣ ማመልከቻ ጸሐፊው ከጃንጥላቸው ሥር «እንዴት ሆነ?» አሉኝ። ምን ብዬ ልንገራቸው! ወይ ጉድ! ወይ የሰው ጉድ! ለሙት ይደርሳል፣ ለልጆቹ አይደርስም! ከእንጅባራ ዳንግላ በሚኒባስ ስንት ደቂቃ ነው? ሰውዬው የሰው አስከሬን ተሸክሞ፣ ከንፈር መጥጦ፣ አፈር አልብሶ ይመለሳል፣ የገዛ ልጁ ሕፃን ልታዝል ባሕር ዳር ልትላክ ስትል ግን የት ናችሁ አይልም። በአስፋልቱ ዳር እየጮኽኩ ስሄድ አንድ ባጃጅ ነጂ ፍጥነቱን ቀንሶ «እናቴ፣ ሰላም ነው?» አለኝ። «አንተም ወንድ ነህ፣ ሂድልኝ!» አልኩት።

በቃ፣ እጅ ከፍንጅ ልይዘው ቆረጥኩ። ከዚያ መንደር ድንች እያመጣች እንጅባራ ገበያ የምትሸጥ ሴት አለች። ቁጥሬን ሰጠኋት።

«ሰው ሲሞት ደውይልኝ» አልኳት።

«ማን ሲሞት?»

«ማንም ይሁን!»

አማተበችብኝ። ብታማትብም አልፈረድኩባትም። ሰው እስኪሞት መጠበቅ እንዲህ የሚያስጠላ መሆኑን አላውቅም ነበር። በየጠዋቱ ስልኬን አንሥቼ ኔትወርክ መኖሩን አያለሁ። አበስኩ ገበርኩ፣ በሁለተኛው ሳምንትማ «ምነው ይህ መንደር እንዲህ ጤነኛ ሆነ» እስከማለት ደርሻለሁ። በሦስተኛው ሳምንት ተደወለ። የሞቱት አንዲት አሮጊት ናቸው። «ነፍሳቸውን ይማር» አልኩና የጀመርኩትን ቀሚስ መኪናው ላይ ትቼ ሮጥኩ።

መንገዱን ሁሉ የምለውን ሳዘጋጅ ሄድኩ። መጀመሪያ ምራቄን እተፋበታለሁ። ከዚያ እድርተኛው እየሰማ የልጆቹን ስም እየጠራሁ እጠይቀዋለሁ። ከዚያ ጸጉሩን ይዤ ዳኛው ፊት እጎትተዋለሁ። ጸጉሩ ሳስቶ ነበር፣ ቢሆንም ለመጎተት አያንስም። ቤተ ክርስቲያኑ ጋ ስደርስ የለቀስተኛው ፈረሶች አጥር ዳር ታስረዋል፣ ሰዉ ግቢውን ሞልቷል። ነጠላዬን ፊቴ ላይ ሸፍኜ ሴቶች መሃል ገባሁ። ሲያለቅሱ አለቀስኩ። ደረት ሲመቱ መታሁ። ዐይኔ ግን ወንዶቹ ላይ ነበር። ረጅም ሰው ሁሉ ባሌ እየመሰለኝ አንገቴን ሳሰግግ ቆየሁ፣ ግን ዞር ሲሉ ሌላ ሰው ይሆናሉ።

አሮጊቷ ተቀበሩ። ወንዶቹ ከግቢው ውጪ መስኩ ላይ ተሰበሰቡ፣ የእድሩ ጸሐፊ መዝገቡን ይዞ ቆመ። ወጉን አውቀዋለሁ፤ ከቀብር በኋላ ስም ይጠራል፣ አቤት ያላለ ይቀጣል፣ ሦስት ጊዜ የቀረ ከእድር ይሰረዛል። እኛ ሴቶቹ አጥሩን ተጠግተን ቆምን። ጸሐፊው መጥራት ጀመረ። የአማቴ ስም ቀድሞ ተጠራ። «አቤት» አሉ፣ በደከመ ድምፅ። ሌሎች ተጠሩ። ከዚያ የባሌ ስም ከነአባቱ ተጠራ።

«አቤት!»

የባሌ ድምፅ ነበር። በእመቤቴ ነው የምላችሁ፣ የባሌ ድምፅ ነበር! ጓዳ ሆኜ ስጠራው ከበረንዳ የሚመልስልኝ ያው ወፈር ያለ፣ መጨረሻው ላይ ሰበር የሚለው። አጥሩን ያዝኩ። ያዘጋጀሁት ስድብ ሁሉ ብን ብሎ ጠፋ። ምን አልኩ መሰላችሁ? «ተመስገን» አልኩ። ከገዛ አፌ ሲወጣ ሰማሁት። ከቀይ ሴት ጋርም ይኑር፣ ከጥቁርም ይኑር፣ ብቻ ተመስገን።

ሴቶቹን ገፍቼ ወንዶቹ መሃል ገባሁ። ድምፁ የመጣው ከብሳናው ዛፍ በኩል ነው። እየሮጥኩ ዛፉን ዞርኩት። ከዛፉ ጀርባ፣ ለሰዉ ጀርባቸውን ሰጥተው፣ አማቴ ብቻቸውን ቆመዋል። አጠገባቸው ማንም የለም። የአንገታቸው ሥር ገና እንደተገታተረ ነው፣ ኃይላቸውን ሁሉ ለዚያች አንዲት ቃል አውጥተው። ዙሪያውን አየሁ። ያ ሁሉ ወንድ መሬት መሬቱን ያያል። ሴት ልጅ እዚህ ምን ትሠራለች ያለኝ እንኳ የለም። ጸሐፊው ድምፁ እየተንቀጠቀጠ ቀጣዩን ስም ጠራ።

«እርስዎ ነዎት?» አልኳቸው።

ቀና ብለው አዩኝና የዛፉ ሥር ላይ ቁጭ አሉ። «እኔ ነኝ» አሉ።

«ለምን?»

«ሦስት ጊዜ የቀረ ይሰረዛል። የተሰረዘ ሰው ቢሞት ቃሬዛውን የሚይዝለት የለም። ልጄ በእግሩም ይምጣ፣ በሰው ትከሻም ይምጣ፣ ሲመጣ ሰው ይኑረው ብዬ ነው።»

ስም ጥሪው አብቅቶ ጸሐፊው መጣ። መዝገቡን ደረቱ ላይ አቅፎታል። «እህቴ፣ ምን ላድርግ?» አለኝ። «መጀመሪያ ቀን በልጃቸው ስም አቤት ሲሉ ሰማሁ። ሕዝቡም ሰማ። ማንም ትንፍሽ አላለም። እጄ ራሱ የመገኛ ምልክቱን አደረገ። አንዴ ካደረግሁ በኋላ በየትኛው ቀን ላቁም? ልጃቸውን የየትኛው ቀን ቀሪ ልበለው?»

«ለዳኛ የጻፍከውስ?»

«መዝገቡ ምን ይላል ተባልኩ፣ መዝገቡ የሚለውን ጻፍኩ። ሌላ ብጽፍ ሽማግሌውን በሕዝብ ፊት ውሸታም ማለቴ አይደለም?»

እሱንም ላንቀው ደረስኩ። አንድ መንደር ሙሉ ሰው አንድ ሽማግሌ እንዳይከፋቸው ብሎ አራት ዓመት የሌለን ሰው አለ ሲል ኖሯል! እኔ ደግሞ ጉድጓዱን ሁሉ ስቆፍር፣ የሌለ ሴራ ስፈጥርላቸው። ግን የኔስ ልጅ? አማቴ ፊት ቁጭ ብዬ አወጣሁት። ኪራዩን፣ አከራዬን፣ ባሕር ዳርን፣ ሞግዚትነቱን አንድ ሳላስቀር ነገርኳቸው።

«እርስዎ አቤት ባሉ ቁጥር እኔ ዳኛ ፊት ውሸታም ሆንኩ። የልጅዎ ልጅ የሰው ሕፃን ልታዝል ነው፣ አባባ!»

ደነገጡ። «ለምን ይህን አልነገርሽኝም?»

«መቼ አመንኳችሁና!» አልኩ። ንዴቱ ተመልሶ መጣብኝ። «ደግሞስ ይህ ሁሉ ለማን ነው? ጫግኒ ከቀይ ሴት ጋር ተንፈላስሶ ለሚኖር ነው?»

«ጫግኒ የለም።»

«እርስዎ በምን ያውቃሉ?»

«በመጀመሪያው ዓመት ሦስት ጊዜ ወርጃለሁ። ቤት ለቤት ዞሬያለሁ። ቀይ ሴት የሚሏትንም አገኘኋት፣ በቆሎ ነጋዴ ናት። አብሯት ያለው ባሏ ነው። ቁመቱ የኔን ልጅ ይመስላል። እኔም ከሩቅ አይቼው በልጄ ስም ጠርቼዋለሁ። ሲዞር ሌላ ሰው ነው።» ከዘራቸውን ወደ ቆላው ጠቆም አድርገው ጨመሩ። «ከዚያም ወደ ወንዙ ወረድኩ። ያሻገረው ሰው የለም። ወዲያ ማዶም ያየው የለም።»

አራት ዓመት የገነባሁት ቤት፣ ቀይዋ ሴት፣ ጠላው፣ የተዘረጋው እግር፣ ባንድ ጊዜ ፈረሰብኝ። የምይዘው አጣሁ።

«ይህን ካወቁ ታዲያ ለምን አቤት ይላሉ?» አልኳቸው።

«አንቺስ? እንጅባራ የሄደ ሁሉ ስትሰድቢው ሰማን ይለኛል። የሞተ ሰው ማን ይሰድባል?»

ነጠላዬን አራግፌ ተነሣሁ፣ እሳቸውም እስከ መንገድ ሸኙኝ።

ቀጠሮው እስኪደርስ ያለውን ጊዜ እንዴት እንዳሳለፍኩት አትጠይቁኝ። ያመል ነገር ሆኖ አማቴን እንደገና መጠርጠር ጀመርኩ። ጸሐፊው ታዟልና ይመጣል፤ እሳቸውን ግን ማንም አልጠራቸውም። ከመጡስ ምን ይሉ ይሆን? ፍርድ ቤት ቆመው ልጄ አለ ቢሉስ? አባት ናቸው፣ ማን ይፈርድባቸዋል? በዚያን ሳምንት አከራዬ ልጄን ከባሕር ዳሯ እህቷ ጋር በስልክ ስታገናኛት አገኘኋት። ስልኩን ነጥቄ ዘጋሁት።

በቀጠሮው ጠዋት ጸሐፊው መዝገቡን በፌስታል ጠቅልሎ መጣ። ከኋላው አማቴ ከባጃጅ ወረዱ፣ የታጠበ ጋቢ ለብሰው። አላቀፉኝም፣ አላዩኝም። ችሎት ገባን። ጸሐፊው መዝገቡን ገልጦ፣ ላቡን እየጠረገ፣ እንዴት ምልክት ሲያደርግ እንደኖረ ተናገረ። ዳኛው አማቴን ተነሡ አሏቸው። አማቴ በአገውኛ እናገራለሁ አሉ፣ አስተርጓሚ ቆመላቸው። ኧረ ለምን? ለኔ አማርኛ ሲናገሩ ኖረው፣ ዛሬ የማልሰማው ነገር ምንድን ነው? እጄን ጨበጥኩ።

«ልጅዎ በሕይወት አለ ብለው ያምናሉ?» አሉ ዳኛው።

አማቴ ተናገሩ። ብዙ አልተናገሩም። አንድ ሁለት ቃል ጨመሩ፣ ከዚያ ከዘራቸው ላይ ተደገፉ። ፊታቸውን ለማየት አንገቴን ብዘረጋም አልታየኝም። አስተርጓሚው የጀመረው ዳኛው ቀና ብለው ሲያዩት ነው።

«አቤት ያልኩት እኔ ነኝ ይላሉ። ልጄ ሞቷል ይላሉ። ከእንግዲህ አልመልስለትም፣ ልጆቹ ይብሉ ይላሉ።»

ዳኛው ጻፉ። አንድ ሰዓት ያህል ውጪ ቆይተን ተጠራን። ውሳኔው ተነበበ፤ ሰውዬው መጥፋቱ በፍርድ ተረጋግጧል፣ አመልካችና ልጆቿ በሕግ የሚገባቸውን እንዲጠይቁ የውሳኔው ግልባጭ ይሰጣቸው። የፈለግሁት ይኸው ነበር። የለመንኩት፣ የማልኩበት፣ ሰው እስኪሞት የጠበቅሁበት። ልጄ ቀረችልኝ። ተመስገን ልል አፌን ከፈትኩ።

የወጣው ጩኸት ነው። ኡኡ ብዬ ጮኽኩ። ነጠላዬ ወደቀ፣ ወለሉ ላይ ቁጭ አልኩ፣ ስሙን እየጠራሁ ደረቴን መታሁ። ዳኛው በጠረጴዛው ላይ አንኳኩ። በር ላይ የቆመው ፖሊስ ሮጦ መጥቶ ክንዴን ያዘኝ።

«ምን ነካሽ፣ እህቴ? አልገባሽም እንዴ? ተፈርዶልሻል እኮ!» አለኝ።

«ተዋት፣ ልጄ» አሉት አማቴ፣ በአማርኛ። «ገና አሁን ነው የሞተባት።»